ሳንባው የተመታው ሃፍባክ፦ ደንከን ቶምፕሰን እና የራግቢ ሊግ ዘመኑ

ደንከን ፉልተን ቶምፕሰን ማርች 14 ቀን 1895 በአውስትራሊያ የኩዊንስላንድ ግዛት፣ ዎሪክ በምትባል ከተማ ተወለደ። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ስሙን ያስጠራው የራግቢ ሊግ ጨዋታም የዚያው ዓመት ልጅ ነው። ቶምፕሰን በተወለደ በአምስት ወሩ፣ ኦገስት 29 ቀን፣ ከ20 የሚበልጡ የሰሜን እንግሊዝ ክለቦች ሃደርስፊልድ ከተማ በጆርጅ ሆቴል ተሰብስበው ከነባሩ የራግቢ ማኅበር ወጡና የራሳቸውን አቋቋሙ። ጠቡ የእንጀራ ጠብ ነበር። የሰሜኑ ተጫዋቾች በአብዛኛው ማዕድን ቆፋሪዎችና የፋብሪካ ሠራተኞች ስለነበሩ ቅዳሜ ለጨዋታ ሲሄዱ የቀን ደመወዛቸው ይቆረጣል። ክለቦቹ የተቆረጠውን እንተካላቸው ሲሉ የማኅበሩ መሪዎች ጨዋታ የሚጫወት ሰው ገንዘብ መቀበል የለበትም ብለው እምቢ አሉ። አዲሱ ማኅበር በሚቀጥሉት ዓመታት ሕጉንም እየለወጠ ሄደ። ከመስመር ውጭ የወጣች ኳስ ተሰልፎ በመዝለል የምትመለስበትን ሥርዓት በ1897 አስቀረ፤ በ1906 ደግሞ የተጫዋቾቹን ቁጥር ከ15 ወደ 13 አወረደ። ሜዳው ሰፋ፣ ሩጫው በዛ፣ ለተመልካችም ማረ።

ይህ ጨዋታ አውስትራሊያ የገባው ቶምፕሰን የ12 ዓመት ልጅ ሳለ ነው። በ1907 አሌክ በርደን የተባለ የሲድኒ ተጫዋች ለግዛቱ ሲጫወት ተጎድቶ ከሥራ ቢቀርም ከራግቢ ማኅበሩ ካሳ አላገኘም። ያ ቅሬታ ታዋቂው የክሪኬት ተጫዋች ቪክቶር ትራምፐር በሲድኒ ከነበረው የስፖርት ዕቃ ሱቅ ውስጥ ሰው ማሰባሰብ ጀመረ። ነጋዴው ጄምስ ጊልቲናንና ፖለቲከኛው ሄንሪ ሆይል ግንባር ቀደም ሆነው አዲስ ሊግ መሠረቱ። የዘመኑ ኮከብ ዳሊ ሜሴንጀር ወደ እነሱ ሲዞር ሕዝቡ ተከተለው፣ የመጀመሪያው የሲድኒ ሻምፒዮና በ1908 ተጀመረ። ኩዊንስላንድም ወዲያው ተከተለች።

ቶምፕሰን ያደገባት ኢፕስዊች ለዚህ ጨዋታ የተፈጠረች ከተማ ነበረች ቢባል ማጋነን አይሆንም። ከብሪዝበን በስተ ምዕራብ የምትገኘው ይህች ከተማ ኑሮዋ በድንጋይ ከሰል ማዕድንና በባቡር ጥገና ወርክሾፖች ላይ የቆመ ነበር። የሠራተኛው ልጅ ከሰፈር ሜዳ ተነሥቶ ኳስ ይማራል፣ ከአባቱ ጋር ወደ ጉድጓዱ ወይም ወደ ወርክሾፑ ይወርዳል፣ ቅዳሜ ደግሞ ይጫወታል። ቶምፕሰን ሥራው የጽሕፈት ቤት ሥራ ቢሆንም ጨዋታውን የተማረው በእነዚሁ ልጆች መካከል ነው። ሰውነቱ ቀላል ስለነበር ከግዙፎቹ ግንባር ተጫዋቾች ጋር የሚጋፋበት ቦታ አልተሰጠውም፤ ሃፍባክ ሆነ።

የሃፍባክን ሥራ ቀርቦ ማየት የቶምፕሰንን ታሪክ ለመረዳት ይጠቅማል። ጨዋታው በጥፋት ሲቆም ከየቡድኑ ስድስት ስድስት ግዙፍ ሰዎች ትከሻ ለትከሻ ተቆላልፈው ጎንበስ ይላሉ፤ ይህ ስክራም ይባላል። ሃፍባኩ ሞላላዋን ኳስ በሁለቱ ወገኖች እግር መካከል ባለው ጠባብ መተላለፊያ ውስጥ ያስገባል። ከዚያ በፍጥነት ዞሮ ከራሱ ሰዎች ጀርባ ይቆማል። ኳሷ በተረከዝ እየተገፋች ስትወጣ ጎንበስ ብሎ ያነሣታል። በዚያች ቅጽበት የተቃራኒው ሃፍባክ እየተንደረደረ ይመጣበታል፤ ግንባር ተጫዋቾቹም ከስክራሙ እየተፈቱ ወደ እሱ ይዞራሉ። ያለው ጊዜ አንድ ትንፋሽ ነው። ኳስን በእጅ ወደ ፊት ማቀበል ክልክል ስለሆነ ወይ ወደ ኋላና ወደ ጎን ያቀብላል፣ ወይ በእግሩ ይመታል፣ ወይ ራሱ ይዞ ክፍተት ይፈልጋል። ጥሩ ሃፍባክ ይህን የሚወስነው ኳሷን ካነሣ በኋላ አይደለም። ገና ስክራሙ ሲቆላለፍ ከተቃራኒ ተከላካዮች የትኛው ቀድሞ እንደቆመ፣ የትኛው ወደ ኋላ እንደቀረ አይቶ ጨርሷል። ቶምፕሰንን የሚያውቁት ሁሉ የመሰከሩለት ይህን አስቀድሞ የማየት ችሎታ ነው። በኋላ ዘመን «የዳውንስ ቀበሮ» የሚል ቅጽል የወጣለትም በዚሁ ብልጠቱ ነበር፤ ዳውንስ የተባለው ዳርሊንግ ዳውንስ፣ ቱውምባ ከተማ ያለችበት ሰፊ የእርሻ ምድር ነው።

የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት በ1914 ሲጀመር የአውስትራሊያ ስፖርት ለሁለት ተከፈለ። ነባሩን ጨዋታ የያዙት የራግቢ ዩኒየን ሰዎች ጎልማሳው ሁሉ መሣሪያ በሚያነሣበት ጊዜ በኳስ መደሰት ነውር ነው ብለው ውድድራቸውን አቋረጡ። ራግቢ ሊግ ግን ቀጠለ። ውሳኔው በጊዜው ብዙ አስወቅሶታል፤ ጋዜጦችም ወጣቶችን ከዘመቻ ያዘናጋል እያሉ ይከሱት ነበር። ሆኖም የሊጉ ሰው ከጦር ሜዳ ቀርቷል የሚለው ክስ ከእውነቱ ጋር አይገጥምም። የሲድኒው ሊግ ዋና ጸሐፊ ኤድዋርድ ላርኪን በወቅቱ የኒው ሳውዝ ዌልስ ምክር ቤት አባል ነበር፤ እንደራሴነቱን ሳይለቅ ተራ ወታደር ሆኖ ተመዘገበና ኤፕሪል 25 ቀን 1915፣ አውስትራሊያውያን ጋሊፖሊ ላይ በወረዱበት በመጀመሪያው ቀን ወደቀ። ሊጉን ሠራተኛው ሕዝብ የወደደውም ያለ ምክንያት አልነበረም። ሳምንቱን ሙሉ ሲሠራ የከረመና ልጁን ወይም ወንድሙን ወደ ጦርነት የሸኘ ሰው ቅዳሜ ከሰዓት የሚሄድበት ቦታ ያስፈልገው ነበር። ጦርነቱ ሲያልቅ ራግቢ ዩኒየን በኩዊንስላንድ ለዓመታት ማንሠራራት አቅቶት ቀረ፣ ሊጉ ግን የሁለቱም ግዛቶች፣ የኩዊንስላንድና ሲድኒ ያለችበት የኒው ሳውዝ ዌልስ፣ ዋና የክረምት ጨዋታ ሆነ።

ቶምፕሰን በ1916 ወደ ሲድኒ ሄዶ ለኖርዝ ሲድኒ ክለብ መጫወት ጀመረ። ኖርዝ ሲድኒ በ1908 ከተቋቋሙት መሥራች ክለቦች አንዱ ቢሆንም ዋንጫ አንሥቶ አያውቅም ነበር። በዚያው ዓመት ኦክቶበር የአውስትራሊያ መንግሥት ግዴታ ዘመቻ ይታወጅ ወይ ብሎ ሕዝቡን ጠየቀ፤ ሕዝቡ እምቢ አለ። በሚቀጥለው ዓመት ዲሴምበር ደግሞ ተጠየቀ፤ አሁንም እምቢ አለ። ስለዚህ ባሕር ማዶ የተዋጋው የአውስትራሊያ ጦር እስከ መጨረሻው የፈቃደኞች ጦር ነበር። ሕዝቧ አምስት ሚሊዮን ካልሞላው አገር ወደ 416,000 ሰው ተመዘገበ፤ ከ60,000 በላይ አልተመለሰም። ቶምፕሰንም በፈቃዱ ከተመዘገቡት አንዱ ሆኖ በተራ ወታደርነት ወደ ፈረንሳይ ዘመተ።

በ1918 ጸደይ ጀርመኖች የአሜሪካ ጦር በብዛት ሳይደርስ ጦርነቱን ለመጨረስ አስበው ማርች 21 ቀን ታላቁን ማጥቃታቸውን ከፈቱ። የእንግሊዝ ግንባር ተሰበረ፤ የአውስትራሊያ ክፍለ ጦሮች ክፍተቱን እንዲደፍኑ ከሰሜን በጥድፊያ ተጠሩ። አራተኛው የአውስትራሊያ ክፍለ ጦር የያዘው መስመር ከአልበር ከተማ አጠገብ ደርናንኩር በተባለ መንደር ዳር፣ በባቡር ሐዲድ መደብ ላይ ነበር። ኤፕሪል 5 ቀን ጧት በጭጋግ ውስጥ ጀርመኖች በመድፍ ደብድበው ያን መደብ ጥሰው ገቡ። አውስትራሊያውያኑ በዚያ ጦርነት ከገጠሟቸው ብርቱ ጥቃቶች አንዱ ይህ ነው። ከሰዓት በኋላ በመልሶ ማጥቃት ጀርመኖቹን ገትተው ወደ አሚዬን የሚወስደውን መንገድ ዘጉ። በደርናንኩር ውጊያ ቶምፕሰን ደረቱን በጥይት ተመታ፤ ሳንባው ተጎዳ።

የሳንባ ቁስል በዚያ ዘመን ምን ማለት እንደነበር መገመት አያዳግትም። ቁስል የሚያመረቅዝን ነገር የሚገድል መድኃኒት ገና አልተገኘም፤ ደረቱን ተመትቶ ከሆስፒታል በሕይወት የወጣ ሰው እንደ ዕድለኛ ይቆጠር ነበር። ሐኪሞቹ ለቶምፕሰን ከእንግዲህ ኳስ የሚባል ነገር እንዲረሳ ነገሩት። ምክሩ ሐኪም ሁሉ የሚሰጠው ነበር፤ ራግቢ ሊግ ሰማንያ ደቂቃ ሙሉ መሮጥን፣ በዚያ ላይ በሰው ትከሻ ደረትን መመታትን የሚጠይቅ ጨዋታ ነው።

ቶምፕሰን ግን አገሩ ተመልሶ ልምምድ ጀመረ። በ1919 ክረምት ከጦርነቱ በኋላ የመጀመሪያው የአውስትራሊያ ብሔራዊ ቡድን ወደ ኒው ዚላንድ ሲሄድ ስሙ ከተመረጡት መካከል ነበር። ከደርናንኩር ጥይት እስከዚያ ጉዞ አንድ ዓመት ከመንፈቅ እንኳ አልሞላም። አውስትራሊያ በአራት ግጥሚያዎች 3 ለ 1 አሸነፈች። በ1920 ደግሞ የእንግሊዝ ቡድን አውስትራሊያን ጎበኘ፤ አውስትራሊያውያኑ በገዛ ሜዳቸው እንግሊዝን በተከታታይ ግጥሚያዎች ለመጀመሪያ ጊዜ 2 ለ 1 ሲረቱ ቶምፕሰን ከብሔራዊ ቡድኑ ሰዎች አንዱ ነበር።

በዚያው በ1920 ወደ ኖርዝ ሲድኒ ተመለሰ፤ ክለቡም በታሪኩ ወደር ወደሌላቸው ሁለት ዓመታት ተቃረበ። የሲድኒ ወደብ ድልድይ የተከፈተው በ1932 ስለሆነ በቶምፕሰን ዘመን ሰሜኑ ዳርቻ ከከተማው መሃል በውሃ የተለየ ነበር። ደጋፊው ግጥሚያ ለማየት በጀልባ ወደብ ይሻገራል፣ ማታም በጀልባ ይመለሳል። እንዲህ ተነጥሎ የኖረ ሰፈር ክለቡን እንደ ቤተሰብ ይዞት ነበር። አሰልጣኙ ክሪስ ማኪቫት በ1908 የለንደን ኦሊምፒክ በራግቢ ዩኒየን የወርቅ ሜዳሊያ የወሰደ፣ ወደ ሊግ ከዞረ በኋላም በ1911 ወደ እንግሊዝ የተጓዘውን የአውስትራሊያ ቡድን በአምበልነት መርቶ ያሸነፈ ሰው ነበር፤ ራሱም በተጫዋችነቱ ሃፍባክ ነበር። ለቶምፕሰን ከእሱ የተሻለ አስተማሪ አይገኝም። በክንፍ በኩል ሃሮልድ ሆርደርና ሴሲል ብሊንክሆርን ነበሩ፤ ሁለቱም ነፋስ ነበሩ። ቶምፕሰን ኳሷን ከስክራም አውጥቶ በፍጥነት ወደ ክንፍ ማድረስ ብቻ ነበር የሚጠበቅበት፤ የቀረውን እግራቸው ይጨርሰዋል። ወደ ግብ የሚመቱ ቅጣት ምቶችንም እሱ ይመታ ነበር።

የ1921 ውድድር ብሔራዊ ቡድኑ ወደ እንግሊዝ ስለሚጓዝ ያጠረ ነበር፤ ኖርዝ ሲድኒ የመጀመሪያውን ዋንጫ በዚያ ዓመት አነሣ። ቶምፕሰን፣ ሆርደርና ብሊንክሆርን ዋንጫውን ትተው በመርከብ ወደ እንግሊዝ ሄዱ። የዚያ ጉዞ ታሪክ በቁጭት የሚነገር ነው። በኦክቶበር ሊድስ ላይ በተደረገው የመጀመሪያ ግጥሚያ 6 ለ 5፣ በአንድ ነጥብ ተሸነፉ። በኖቬምበር ኸል ከተማ ላይ 16 ለ 2 ረትተው እኩል ሆኑ። ጃንዋሪ 1922 በሳልፎርድ የተደረገው ወሳኙ ግጥሚያ 6 ለ 0 በእንግሊዝ አሸናፊነት አበቃ። ይሁን እንጂ በጉዞው ካደረጓቸው 36 ጨዋታዎች 27ቱን አሸንፈዋል። ብሊንክሆርን ብቻውን 39 ጊዜ ኳሷን ከተቃራኒ መስመር ጀርባ አሳርፏል፤ ይህ አሠራር ትራይ ይባላል፣ በዚያ ዘመን ሦስት ነጥብ ያስገኝ ነበር። ክንፍ ላይ ያለ ሰው ይህን ያህል ሲያስቆጥር ከውስጥ ኳሷን በጊዜዋ የሚያቀብለው ሰው አለ ማለት ነው።

ተጓዦቹ ሲመለሱ ኖርዝ ሲድኒ የ1922ን ውድድር ከግሊብ ክለብ ጋር በእኩል ነጥብ ጨረሰ። ዋንጫው ለማን እንደሚሆን ለመለየት በሴፕቴምበር ተጨማሪ ግጥሚያ ተደረገ፤ ኖርዝ ሲድኒ 35 ለ 3 አሸነፈ። በነጥብ ሰንጠረዥ አቻ በሆኑ ሁለት ቡድኖች መካከል የዚህ ያህል ልዩነት መታየቱ የዚያ ቡድን ጨዋታ በጥሩ ቀኑ ምን እንደሚመስል ያሳያል። ክለቡ ከዚያ ወዲህ በአንደኛው ሊግ እስከቆየበት እስከ 1999 ድረስ ሌላ ዋንጫ አላገኘም። ለሰሜኑ ዳርቻ ሰዎች 1921 እና 1922 ሰባ ዓመት ሙሉ ሲወሱ የኖሩት በዚህ የተነሣ ነው።

በ1923 ነገሩ ተበላሸ። ቶምፕሰን በአንድ ጨዋታ ላይ ተቃራኒ ተጫዋችን በእግሩ መትቷል ተብሎ ከሜዳ ተባረረ፤ ሊጉም አገደው። እሱ ግን አልመታሁም አለ፣ በዚህ ቃሉም እስከ መጨረሻው ጸና። ገና በ28 ዓመቱ፣ ችሎታው ጫፍ በደረሰበት ሰዓት፣ በሲድኒ ከእንግዲህ አልጫወትም ብሎ ወጣ። ውሳኔው የእልህ ቢመስልም ጠባዩን ለሚያውቅ እንግዳ አይሆንም። በጨዋታው ብልጠትን እንጂ ጉልበትን የማይመርጥ ሰው በጉልበተኛ ጥፋት መከሰሱ ከዕገዳው ይልቅ ያንገበገበው ይመስላል። ሲድኒ የዘመኑን ምርጥ ሃፍባክ ያጣችው በዚህ መንገድ ነው።

ሲድኒ ያጣችውን ቱውምባ አገኘች። ቱውምባ ከብሪዝበን 125 ኪሎ ሜትር ያህል ወደ ምዕራብ ርቃ፣ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 700 ሜትር ከፍታ ባለው ተራራ አፋፍ ላይ የተቆረቆረች፣ ጥቁር አፈር ባለው የእርሻ ምድር የተከበበች ከተማ ናት። ቶምፕሰን እዚያ የስፖርት ዕቃ መሸጫ ሱቅ ከፈተ፤ ከተማዋን ወክሎም መጫወት ጀመረ። ሲደርስ ያገኛቸው ወጣቶች ቀላል ሰዎች አልነበሩም። መሃል ተጫዋቹ ቶም ጎርማን ከጥቂት ዓመት በኋላ ወደ እንግሊዝ የተጓዘውን የ1929 ብሔራዊ ቡድን በአምበልነት የመራ የመጀመሪያው የኩዊንስላንድ ሰው ሆነ። ግንባር ተጫዋቹ ኸርበርት ስታይኖርትም በ1932 አውስትራሊያን በአምበልነት መርቷል። ቡድኑ በስኮትላንዳውያን ግዙፍ የጋሪ ፈረሶች ስም «ሽምጥ ጋላቢዎቹ ክላይድስዴሎች» ተባለ፤ ስሙ የግንባር ተጫዋቾቹን ግዝፈትና የሩጫቸውን ፍጥነት አንድ ላይ ይናገራል።

በ1924 የእንግሊዝ ቡድን እንደገና መጣ። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ታላላቅ ግጥሚያዎች አሸንፎ የአውስትራሊያን ብሔራዊ ቡድን ቢረታም ቱውምባ ላይ በአትሌቲክ ኦቫል ሜዳ 23 ለ 20 ተሸነፈ። አንዲት የገጠር ከተማ እንግሊዝን መርታቷ በጊዜው የማይታመን ወሬ ነበር። በ1925 የክላይድስዴሎቹ ጉልበት ይበልጥ ጨመረ፤ የኒው ሳውዝ ዌልስንም የኩዊንስላንድንም የግዛት ቡድኖች አሸነፉ። በዚያው ዓመት በብሪዝበን፣ በኢፕስዊችና በቱውምባ መካከል የተጀመረው የቡሊምባ ዋንጫም የመጀመሪያው ባለቤት ቱውምባ ሆነች። ይህ ሁሉ በኩዊንስላንድ የተነሣው የለውጥ ማዕበል አካል ነበር። ኩዊንስላንድ ከ1908 እስከ 1922 ድረስ ኒው ሳውዝ ዌልስን አንድ ጊዜም አሸንፋ አታውቅም ነበር፤ ከዚያ በኋላ ግን ለበርካታ ዓመታት በተከታታይ የበላይ ሆነች። የዚህ የበላይነት ግማሽ ጉልበት ከቱውምባ ተራራ የወረደ ነው ቢባል አያስተዛዝብም።

ቶምፕሰን መጫወት ካቆመ በኋላ ሱቁን ይዞ በቱውምባ ቀረ፤ በተጫዋች መራጭነትና በአሰልጣኝነትም ጨዋታውን ማገልገሉን ቀጠለ። ከእሱ ጋር ስሙ ተሳስሮ የቀረው ትምህርት በእነዚህ ዓመታት የበሰለ ነው። እሱ «የውል ጨዋታ» ይለው ነበር። ሐሳቡ በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልቃል፦ ኳስ የያዘ ተጫዋች ከባልደረቦቹ ጋር ውል አለው፣ ከእሱ የተሻለ ቦታ ላይ ያለ ባልደረባ ካለ ኳሷን ሊያቀብለው ግዴታ አለበት። ባልደረቦቹም በበኩላቸው ኳስ የያዘውን ሰው ብቻውን አለመተው ግዴታቸው ነው፤ ሁልጊዜ ከጎኑ፣ ትንሽ ወደ ኋላ ሆነው ሊከተሉት ይገባል። ኳስን ይዞ ተይዞ መውደቅ ውል ማፍረስ ነው።

ይህ ትምህርት ለምን አዲስ እንደነበር ለመረዳት የዘመኑን ሕግ ማስታወስ ያስፈልጋል። በራግቢ ሊግ ኳስ የያዘ ሰው ሲያዝ ይነሣና ኳሷን በእግሩ ወደ ኋላ ለባልደረባው ያሳልፋል፤ ጨዋታው እንደገና ይቀጥላል። በቶምፕሰን ዘመን ይህ የሚደጋገምበት ገደብ አልነበረም። ኳስ የያዘ ቡድን ስህተት እስካልሠራ ድረስ አንድ ሰው ሮጦ ይጋጫል፣ ይያዛል፣ ኳሷን ወደ ኋላ ያሳልፋል፣ ሌላው ሮጦ ይጋጫል፤ እንዲህ እያለ ኳሷን ሩብ ሰዓት ይዞ ማቆየት ይችላል። አሰልጣኞች ይህን ወደዱት፤ ኳስ አይጠፋም፣ ተቃራኒም ይደክማል። ለተመልካች ግን አሰልቺ ነበር፤ ተጫዋቹንም በግጭት ብዛት ይሰብረዋል። ቶምፕሰን ይህን አጨዋወት አጥብቆ ይቃወም ነበር። በእሱ ዕይታ ኳስ የተሠራችው ከእጅ ወደ እጅ እንድትዞር ነው፤ ኳስን በእግር እየመቱ ለተቃራኒ መስጠትም ያው ኪሳራ ነው።

ውሉ በተግባር እንዴት እንደሚሠራ አንድ አጋጣሚ ይበቃል። ኳስ የያዘው ወደ ፊት ይሮጣል፤ በቀኙ በኩል ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ ባልደረባው ይከተለዋል። ከፊታቸው አንድ ተከላካይ ብቻ ቀርቷል። ኳስ የያዘው ቶሎ ካቀበለ ተከላካዩ ዞሮ ባልደረባውን ይይዘዋል። ከዘገየ ደግሞ ራሱ ከነኳሷ ይያዛል። ስለዚህ በቀጥታ ወደ ተከላካዩ ይሮጣል፤ ተከላካዩ ሊይዘው እጁን ሲዘረጋና የቆመበትን እግር ሲተክል፣ ያኔ ኳሷን ይለቃታል። ተከላካዩ የተተከለ እግሩን ነቅሎ ለመዞር ጊዜ የለውም፤ ባልደረባው ባዶ ሜዳ ያገኛል። ኳስ የሰጠውም ሥራው አላለቀም። ወዲያው ከተቀባዩ ጀርባ ይሮጣል፤ ምናልባት ከአሥር እርምጃ በኋላ ኳሷ መልሳ ትመጣለት ይሆናል። ቶምፕሰን በልምምድ የሚደጋግመው ይህን ነበር፤ ሁለት ለአንድ፣ ሦስት ለሁለት፣ ያለ ማቋረጥ።

ይህን ትምህርት የጥይቱ ቁስል ብቻ ወለደው ማለት አይቻልም፤ ከዘመቻው በፊትም የቶምፕሰን ጨዋታ በማሰብ እንጂ በመጋጨት የቆመ አልነበረም። ሆኖም ከ23 ዓመቱ ጀምሮ የተጎዳ ሳንባ ይዞ በዓለም ምርጥ ተጫዋቾች መካከል የሮጠ ሰው እያንዳንዱ ግጭት ምን ያህል ዋጋ እንዳለው ከማንም በላይ ያውቃል። ኳሷን ከትከሻው ቀድማ እንድትሄድ ማድረግ ለእሱ ሜዳ ላይ የመቆየት ዘዴም ነበር።

በ1950ዎቹ መጀመሪያ ቶምፕሰን የቱውምባ ቡድን አሰልጣኝ ሆኖ ትምህርቱን በአዲስ ትውልድ ፈተነው። ከአምሳ ዓመት በላይ የሆነው አሰልጣኝ የክላይድስዴሎቹን ዘመን መለሰ፤ ቱውምባ ከእሷ በእጅጉ የምትሰፋውን ብሪዝበንን እየረታች የቡሊምባን ዋንጫ በተከታታይ ዓመታት ወሰደች። ከዚያ በኋላ የውል ጨዋታ የሚለው አነጋገር በኩዊንስላንድ አሰልጣኞች ዘንድ የታወቀ ሆነ፤ ከቱውምባ ወደ ብሪዝበን የወረዱ ተጫዋቾችና አሰልጣኞችም ይዘውት ሄዱ። የተማሩበት ሁሉ ቃሉን እንዳለ ባይጠቀሙበትም፣ ኳስ የያዘ ሰው ብቻውን አይቅር፣ ተከላካዩን ሳያስሩ ኳስ አትልቀቁ የሚሉት መመሪያዎች ከዚያ ምንጭ የተቀዱ ናቸው።

ለጨዋታው ያበረከተው አገልግሎት የእንግሊዝ መንግሥት የክብር ኒሻን አስገኝቶለታል። እሱ ሲከራከርበት የኖረውን ጉዳይ ሕግ አውጪዎቹም ውሎ አድሮ ተቀበሉት። አንድ ቡድን ኳስን ያለ ገደብ ይዞ የሚቆይበት ሥርዓት በ1967 ተሻረ፤ አራት ጊዜ የተያዘ ቡድን ኳሷን እንዲያስረክብ ተወሰነ። አራት ጊዜ አነሰ ተብሎ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ቁጥሩ ወደ ስድስት ከፍ አለ፤ እስከ ዛሬም ይኸው ነው። ቶምፕሰን ይህን ለውጥ በዓይኑ ለማየት በቅቷል። በሐኪሞቹ ግምት ከጦርነቱ በኋላ ኳስ ሊነካ የማይገባው ሰው ያረፈው በሜይ 1980 ሲሆን ዕድሜው 85 ነበር።

በ2008 የአውስትራሊያ ራግቢ ሊግ መቶኛ ዓመቱን ሲያከብር ከተመረጡት መቶ ታላላቅ ተጫዋቾች መካከል ስሙ ተካቷል። ባኮረፈባት በሲድኒም፣ በወደቡ ሰሜናዊ ዳርቻ ያለው የኖርዝ ሲድኒ ሜዳ ከተመልካች መቀመጫዎቹ አንዱን በደንከን ቶምፕሰን ስም ሰይሞታል።